ፍርድ ቤቱ በእግሩ መጣ

ትናንት ሌሊት በሕልሜ ፍርድ ቤቱ በእግሩ ቤቴ ድረስ ሲመጣ አየሁ።

ዳኛው አላልኩም። መጥሪያ አድራሹም አይደለም። ፍርድ ቤቱ ራሱ ነው። ግድግዳው፣ ቆርቆሮው፣ የባንዲራው ዘንግ፣ በረንዳው ላይ ያለችው አንድ እግሯ የተሰበረ አግዳሚ ወንበር ሳትቀር፣ ያንን ሁሉ አቀበት ወጥቶ የአጥሬ በር ላይ ቆሞ ያለከልካል።

«ቤቶች!» አለ።

«ማነው?» አልኩ ከውስጥ።

«ፍርድ ቤት ነኝ። ቀጠሮ ነበረኝ።»

ሕልሙን ከመቀጠሌ በፊት ማን እንደሆንኩ ልናገር። ትርንጎ እባላለሁ። በሰንበሌጥ ከተማ ጤና ጣቢያ አዋላጅ ነርስ ነኝ። የከተማችን ልጅ አብዛኛው መጀመሪያ ያለቀሰው በእኔ እጅ ላይ ነው። ሌሊት ለምንሠራው የተረኝነት ሥራ ክፍያ አለን፤ ሕጉ ላይ አለን ማለቴ ነው። ኪሳችን ውስጥ ከገባ ግን ሁለት ዓመት አልፎታል። መጀመሪያ ጠየቅን። ቀጥለን ለመንን። በመጨረሻ ጠበቃ ይዘን ከሰስን። «እሷ አፍ አላት» ብለው የሠራተኛው ተወካይ አደረጉኝ፤ በቀጠሮ ስመላለስ የፍርድ ቤቱን ግቢ ዛፎች ከጓሮዬ ዛፎች ይልቅ ለይቼ አወቅኋቸው። እንዲያ እንዲያ ስንል ተፈረደልን። ጤና ጽሕፈት ቤቱ ይክፈል ተባለ። የዚያን ዕለት ተቃቅፈን አለቀስን፣ ለስላሳ ተገባበዝን፣ ወደየቤታችን ሄድን። ክፍያው ግን ከፍርዱ ወረቀት ላይ አልወርድ አለ። ጤና ጽሕፈት ቤቱ «ፋይናንስ ይልቀቅልኝ» ይላል። የፋይናንስ ጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ አቶ ሞላልኝ ደግሞ «በጀት የለም» ይላል፤ ሲናገርም ዓይኑን ከስልኩ ላይ አያነሣም። ሞላልኝ ብለው ስም ያወጡለት ወላጆቹ ያኔ ምን ሞልቶላቸው እንደነበር አላውቅም። እሱ ዘንድ የገባ በጀት ሲሞላ ግን አይተን አናውቅም።

እንግዲህ እንዲህ ስብሰለሰል ነው እንቅልፍ የወሰደኝ።

በሩን ከፈትኩ። ፍርድ ቤቱ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣኝ፤ ጎንበስ ሲል ቆርቆሮው ላይ ያደሩት እርግቦች ብር ብለው ተነሡ።

«ይቅርታ እመቤቴ፣ አረፈድኩ» አለ። «ባጃጅ ብለምን ሁሉም አትገባም አሉኝ።»

አፌ ላይ የመጣው ቃል የእኔ አልነበረም፤ ግን ከእኔ አፍ ወጣ።

«ነገ ተመለስ።»

ፍርድ ቤቱ ሊያለቅስ ደረሰ። «ነገ ነገ ስባል እኮ ጫማዬ አለቀ!» አለኝ። ዝቅ ብዬ ባየው እውነቱን ነው፤ ከመሠረቱ ድንጋይ ግማሹ ተበልቷል። አሳዘነኝ።

«በል ግባ። እግርህን ግን ጥረግ» አልኩት።

ጠረገና ገባ። በዚያች ባለ ሁለት ክፍል ቤቴ ውስጥ እንዴት እንደገባ አትጠይቁኝ። ገባ፤ ቦታም ተረፈው። ሶፋው አጠገብ፣ ጥግ ላይ፣ ኩርምት ብሎ እንደ ድሃ ዘመድ ተቀመጠ።

ዞር ስል ግቢዬ በኃላፊ ተሞልቷል። የጤና ጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ ፀሐዩ በርትቶበት ፋይሉን አናቱ ላይ አድርጓል። የሰው ኃይል ኃላፊዋ ጫማዋን አውልቃ እግሯን ታሻለች። ኦዲተሩ የወረዳውን አስተዳዳሪ «አንተ ከኋላዬ ነበርክ» ብሎ ይጣላዋል። ገና ሳይነጋ መጥተው ድንጋይ እየደረደሩ ወረፋ የያዙም ነበሩ። የአንዱን ድንጋይ ዶሮዬ አንከባልላበት፣ ተራውን አጥቶ ያለቅሳል።

የኩሽናዬ መስኮት ላይ እናትነሽ ተቀምጣለች። እናትነሽ የላቦራቶሪ ባለሙያችን ናት፤ ጓደኛዬም ናት፤ በፍርድ ቤቱም ምስክራችን ነበረች። ጥፍሯን ቀለም እየተቀባች፣ ቀና ሳትል፣

«ሲስተም የለም!» ትላለች።

«የምን ሲስተም?» ይላል ከፊት የቆመው።

«ምድጃው ጠፍቷል።»

«እኔ ላያይዘው?»

«ያንተ የሥራ ድርሻ አይደለም።»

በዚህ መሐል ወረፋውን እየገፈተረ አንድ ሰው መጣ። በዚያ ሐሩር ወፍራም ካፖርት ደርቧል፤ ሲራመድ ወገቡን በእጁ ደግፎ ነው። ቀና ሲል አየሁት። አቶ ሞላልኝ!

«እመቤት ትርንጎ» አለኝ፤ «በእግዚአብሔር ይዤዎታለሁ፣ ይቀበሉኝ። ቀኔ አልፏል።»

«ይቀበሉኝ» አለኝ፣ በእርስዎ! ይሄ ሰው እኮ በደህናው ዓለም «አንቺ ሴትዮ፣ ነገርኩሽ አይደል?» ነው የሚለኝ። እኔም ያለ እርስዎ ጠርቼው አላውቅም። አሁን ግን ምላሴ ሳይደናቀፍ፣

«ምንህን ነው የምቀበልህ?» አልኩት።

ግራ ቀኙን አይቶ ካፖርቱን ገለጠው። ሆዱ እስከ አገጩ ደርሷል።

«ክፍያችሁ ነው» አለ አንገቱን ደፍቶ። «ሁለት ዓመት ተሸከምኩት። መተኛት አቃተኝ፣ መቀመጥ አቃተኝ። ሚስቴም ሳትገላገል እንዳትገባ ብላ በር ዘጋችብኝ።»

ሥራዬ ነውና እጄ አላስችል አለው። ሆዱ ላይ አሳረፍኩት። ከውስጥ በኩል ጠንከር አድርጎ መታኝ።

«ሕያው ነው!» አልኩ ደንግጬ።

እናትነሽ የጥፍር ቀለሟን ጣለች። «አንድ ነው?»

ዳበስ ዳበስ አደረግሁ። «መንታ ነው። አንደኛው ዋናው ሂሳብ ነው፤ ይሄ ትንሹ ደግሞ ወለዱ ሳይሆን አይቀርም።»

«ወለዱንም ጨምሬ ነው የምወልደው፣ አልጣላም!» አለ አቶ ሞላልኝ። «ብቻ ዛሬ ይቀበሉኝ።»

እዚህ ላይ አንድ አዋላጅ ማድረግ ያለባትን ማድረግ ነበረብኝ። እጄን ታጥቤ፣ ጓንቴን አጥልቄ፣ «ና ጋደም በል» ማለት ነበረብኝ። እኔ ግን ወንበሬን ሳብኩና ተቀመጥኩ። እግሬን በእግሬ ላይ ጫንኩ።

«ማመልከቻ ጽፈሃል?»

«ጽፌያለሁ።»

«ማኅተም አለው?»

«ማኅተሙ ማን ጋ ነው?»

«ዶሮዋ ጋ።»

«የት ናት ዶሮዋ?»

«ቢሾፍቱ ሥልጠና ላይ ናት።»

«አሁን እኮ ድንጋይ ስታንከባልል አየኋት!»

«አሁን ሄደች።»

«የምን ሥልጠና ነው?»

«የእንቁላል አጣጣል ማሻሻያ።»

«መቼ ነው የምትመለሰው?»

«አበሉ ሲያልቅ» አልኩት፤ ከእጄ ላይም ዓይኔን አላነሣሁም። በእጄ ላይ ስልክ የለም። የያዝኩት ድንች ነው። ድንቹን በአውራ ጣቴ ወደ ላይ ወደ ታች እያልኩ አየዋለሁ።

አልዋሻችሁም፣ ደስ አለኝ። አንጀቴ ቅቤ ጠጣ። አቶ ሞላልኝ ቁና ቁና እየተነፈሰ ድንጋይ ላይ ሲቀመጥ፣ ወይኔ፣ ይህን ለማየት አይደል እንዴ ያ ሁሉ ምልልስ ብዬ እናትነሽን ጠቀስኳት። እሷም ጠቀሰችኝ።

ኃላፊዎቹ ግን ማጉረምረም ጀመሩ።

«ኧረ በሕግ!» አለች የሰው ኃይል ኃላፊዋ። «ሕግ የለም እንዴ በዚህ አገር?»

«እንከሳታለን!» ብሎ ጮኸ ኦዲተሩ።

ጥግ ላይ ኩርምት ያለው ፍርድ ቤት ቀና አለ። «ጠራችሁኝ?»

ወዲያው ሳሎኔ ችሎት ሆነ። ሶፋዬ ከፍ ብሎ የዳኛ መቀመጫ ሆነ፤ የክር ሥራ ልብሱ እንኳ ሳይነሣ። የጎረቤቴ በግ ክራቫት አስሮ በር ላይ ቆሟል። ችሎት አስከባሪ እሱ ነው።

«ተነሡ!» አለ በጉ።

ሁሉም ተነሣ። ቤቱም አብሮ ተነሣ፤ ቁጭ በሉ እስኪባል ድረስ ከመሬት አንድ ክንድ ያህል ከፍ ብለን ቆየን።

ከዚያ በጉ ጉሮሮውን ጠርጎ «ዘገየ!» ብሎ ተጣራ።

ኃላፊዎቹ በሙሉ ወለሉ ላይ ተደፉ። «ይቅርታ! ይቅርታ! መዘግየቱን አምነናል! ጥፋቱ የእኛ ነው!»

«ዝም በሉ» አለ በጉ። «የዳኛው ስም ነው።»

ጋሽ ዘገየ ገቡ። ጋሽ ዘገየ የጤና ጣቢያችን ዘበኛ ናቸው። ያቺኑ የዘበኛ ካፖርታቸውን ለብሰው፣ ያቺኑ ዱላቸውን ይዘው ሶፋው ላይ ወጥተው ተቀመጡ። የተረኝነቱ ክፍያ የእሳቸውም ነበር፤ ክስ ስንመሠርት አብረውን ፈርመዋል። የቀጠሮ ቀን ከሁላችን ቀድመው የፍርድ ቤቱ አግዳሚ ላይ የሚገኙት እሳቸው ነበሩ። «ሥራዬ ጥበቃ ነው ልጆቼ» ይሉናል እየሳቁ። «ሌሊት በሩን እጠብቃለሁ፤ ቀን ደግሞ ፍርዱን እጠብቃለሁ።» አሁን ሳያቸው ደስ ከማለት በቀር ምንም አልገረመኝም። በሕልም ነውና፣ ስለ እሳቸው ማስታወስ የነበረብኝን ነገር አላስታወስኩም።

«ከሳሽ ማነው?» አሉ።

«መንግሥት!» አሉ ኃላፊዎቹ በአንድ ድምፅ።

«ተከሳሽስ?»

በጉ በቀንዱ ወደ እኔ ጠቆመ።

የጤና ጽሕፈት ቤቱ ነገረ ፈጅ ተነሣ። ይህ ቀጭን ሰውዬ ነው፤ በቀጠሮው ሁሉ እየተነሣ «መልሴን ለማዘጋጀት ጊዜ ይሰጠኝ» ከማለት በቀር ሌላ ንግግር ሰምቼበት አላውቅም። አሁን እንባው በጉንጩ ላይ ይወርዳል።

«ክቡር ዳኛ፣ አንዲት ደቂቃ እንኳ እንዳይሰጡን! ዛሬ ካልከፈልን ማለቃችን ነው። እነሆ ክፍያውን በሆዳችን ተሸክመን መጥተናል። ተከሳሿ ግን አልቀበልም ብላናለች። መብታችን ይከበርልን!»

ጋሽ ዘገየ ወደ እኔ ዞሩ። «ትርንጎ፣ ለምንድን ነው የማትቀበያቸው?»

ተነሣሁ። ነጠላዬን አስተካከልኩ።

«ክቡር ዳኛ፣ የመቀበያ በጀት የለኝም።»

በመስኮቱ በኩል እናትነሽ በሳቅ ፈረሰች።

«በዚህ ዓመት ለመቀበያ የተያዘ ምንም የለም» ብዬ ቀጠልኩ። ቃሉ እንዴት እንደሚጥም! ከዓመት ዓመት ስሰማው ኖሬ፣ ከገዛ አፌ ሲወጣ ማር ማር አለኝ። «ሆኖም ችግሩን ተረድተነዋል። ከሚመለከተው አካል ጋር እየተነጋገርንበት ነው።»

«የሚመለከተው አካል ማነው?»

«ዶሮዋ።»

«ምን ትጠይቂያለሽ ታዲያ?»

«ቀጠሮ ይለወጥልኝ።»

«ለመቼ?»

«ከክረምት በኋላ ቢሆን።»

አቶ ሞላልኝ ሆዱን ይዞ ጮኸ። «ከክረምት በኋላ? እፈነዳለሁ እኮ! ኧረ የሰው ያለህ!»

ሳቄ መጣ። ሁለት ዓመት ሙሉ ያላገኘሁት ሳቅ ነው። ከእናትነሽ ጋር እየተያየን እስኪያመን ሳቅን። ሳቄ ሲያበቃ ግን ጋሽ ዘገየ አይስቁም። መነጽራቸውን አውልቀው በካፖርታቸው ጫፍ እየወለወሉ ያዩኛል።

«አንቺም ትርንጎ?» አሉኝ።

ድንቹን ከነጠላዬ ሥር ሸሸግሁት።

«እኔ እኮ ያንን ከክረምት በኋላ የተባለውን ቀጠሮ አልደረስኩበትም።»

ያኔ ትዝ አለኝ። ጋሽ ዘገየ ሞተዋል። ፍርድ ቤት ለክረምት እንደተዘጋ፣ በነሐሴ ዝናብ፣ ቃሬዛውን ተሸክመን፣ ጭቃው እግር እግራችንን እየያዘን ቀብረናቸዋል። ሚስታቸው በእሳቸው ምትክ ጉዳዩን ለመቀጠል ሲመጡ የወራሽነት ማስረጃ አምጪ ተብለው፣ ለእሱ ደግሞ ሌላ ፋይል፣ ሌላ ቀጠሮ፣ ሌላ አግዳሚ ወንበር ጀምረዋል። ይህን ሁሉ አውቅ ነበር። ድንቹ ከእጄ ወደቀ።

«ጋሼ» አልኩ። «እዚያስ? እዚያ ተከፈለዎት?»

«እዚያ እኮ ሌሊት የለም ልጄ» አሉ። «ሌሊት ከሌለ ተረኛ የለም። ተረኛ ከሌለ ምን ይከፈላል?»

«ታዲያ ምን ይሠራሉ?»

«እጠብቃለሁ።»

«ምኑን?»

ትከሻቸውን ነቅነቅ አደረጉ። «እሱን አልነገሩኝም። እኔም አልጠየቅሁ፤ ለምጄዋለሁ።»

ሌላ ልጠይቃቸው ስል ዱላቸውን ወለሉ ላይ አንዴ መቱ። ቤቱ ተንቀጠቀጠ፣ በጉም ቀጥ ብሎ ቆመ።

«ተከሳሽ ትቀበል» አሉ። «ዛሬውኑ ትቀበል። በጀት የለም፣ ማኅተም የለም፣ ዶሮ የለችም ማለት አይቻልም። ስሜ ዘገየ ነው፤ ፍርዴ ግን አይዘገይም። አሁን ይህን ሰው ጤና ጣቢያ ውሰዱልኝ፣ ሶፋው ላይ እንዳይወልድ!»

ፍርድ ቤቱ ብድግ ብሎ አቶ ሞላልኝን በጀርባው አዘለው። ወጣን። እኔ ከፊት፣ ኃላፊዎቹ ከኋላ፣ በጉ ከሁሉም ኋላ። ከተማው እንዳልነበረ ሆኗል። አደባባዩ ላይ ትራፊክ ፖሊሱ ተንበርክኮ «እባካችሁ ቅጡኝ፣ መንጃ ፈቃዴን ውሰዱት» እያለ ሾፌሮችን ይለምናል። ባንኩ በር ላይ ደንበኞች ተሰልፈው ዘበኛውን ይፈትሹታል። አስፋልቱ ላይ አራት በሽተኞች አምቡላንሱን ተሸክመው እያለከለኩ ሲያልፉን፣

«ምን ሆኖ ነው?» ብዬ ጠየቅሁ።

«ነዳጅ የለውም» አሉኝ።

ይህ ብቻ አልተገለበጠም፤ እሱን በደህናውም ጊዜ አየዋለሁ።

ጤና ጣቢያው ስንደርስ ካርድ ክፍል የተቀመጡት ሕፃናት ናቸው። አወቅኋቸው፤ ሁሉንም ያዋለድኳቸው እኔ ነኝ። ከጨርቃቸው ሳይወጡ እስክሪብቶ ይዘዋል።

«ስም?» አለ አንዱ ድክ ድክ እንኳ ያልጀመረ።

«ሞላልኝ» አለ አቶ ሞላልኝ ከፍርድ ቤቱ ጀርባ ላይ።

«የሚሸከሙት ነገር ከተፀነሰ ስንት ጊዜው ነው?»

«ሁለት በጀት ዓመት።»

ሕፃኑ እስክሪብቶውን አስቀመጠና ዞር ብሎ አየኝ። «ሲስተር፣ ይሄ ሰው እስካሁን የት ነበር?» አለኝ፣ ልክ እኔ ሌሊት ወላድ ዘግይተው የሚያመጡልኝን ሰዎች እንደምቆጣው።

አልጋው ላይ አወጣነው። እጄን ስታጠብ ውሃው ሞቅ ያለ ነበር፤ ማነው ያሞቀው ብዬ ብዞር ፍርድ ቤቱ ከማዕዘኑ ተንበርክኮ ውሃ ያፈላል። የጤና ጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ በፋይሉ ያራግባል። አስተዳዳሪው የአቶ ሞላልኝን ግራ እጅ፣ ኦዲተሩ ቀኙን ይዘዋል። ጋሽ ዘገየ ክፍሉ ውስጥ አልገቡም። በር ላይ፣ ጀርባቸውን ሰጥተው፣ ዱላቸውን ተደግፈው ቆሙ። እኔ ሳዋልድ ሁልጊዜ እንዲህ ነበር የሚቆሙት።

ጓንቱን ሳጠልቅ እጄ የእኔ እጅ ሆነ። ያ ሁሉ ማር ማር ያለኝ ነገር ከአፌ ጠፋ። የሚያምጥ ሰው አለ፤ እኔ አዋላጅ ነኝ፤ አለቀ።

«በል አቶ ሞላልኝ፣ በረጅሙ ተንፍስ። ምጡ ሲመጣ ግፋ።»

መጣ።

«ግፋ!»

«ወደሚቀጥለው በጀት ዓመት?» ብሎ ጮኸ።

«ወደ ታች!»

«ልማዴ ነው እኮ! ሌላ አገፋፍ አላውቅም!»

«ዛሬ ትለምዳለህ። ግፋ!»

«ለዞኑ ልግፋው? ዞኑ ይሸከመኝ!»

«ለማንም አትግፋ! ወደ ታች ነው ያልኩህ!»

ፊቱ ቀላ፣ ላቡ ወረደ። አስተዳዳሪው እጁን ተጨምቆ እሪ አለ።

«ክልሉ ሳይፈቅድ እንዴት እወልዳለሁ?» አለ አቶ ሞላልኝ እያለቀሰ። «ደብዳቤ አልደረሰኝም! ክልሉ ይፍቀድልኝ!»

«ያረገዝከው አንተ ነህ እንጂ ክልሉ አይደለም! አይዞህ፣ ጀግና ነህ፣ አንዴ ብቻ! ግፋ!»

«እናቴን!»

በመስኮቱ የጤና ጣቢያው ሠራተኛ ሁሉ ተደርድሯል። ፋርማሲው፣ ካርድ ክፍሉ፣ ጽዳቱ፣ ሁሉም እስትንፋሱን ይዟል። የጋሽ ዘገየ ሚስት ከመሐል ቆመው ነጠላቸውን በጥርሳቸው ይዘዋል።

«ታየ!» አለች እናትነሽ። «ትርንጎ፣ ታየ!»

እውነትም ታየ። ምን እንደሚመስል ልነግራችሁ አልችልም። ይሞቃል፤ ያበራል፤ ይንቀሳቀሳል። በሩ ላይ ጋሽ ዘገየ ሳይዞሩ፣

«ደረሰ?» አሉ።

«ደረሰ ጋሼ! ደረሰ!» አልኩና ሁለት እጄን ዘርግቼ—

ስልኬ ጮኸ።

ነቃሁ። ፀሐይ በመስኮቱ ገብቶ ብርድ ልብሱ ላይ ተኝቷል። ሁለት እጄ ወደ ፊት እንደተዘረጋ ነው። ስልኩን አነሣሁ። እናትነሽ ናት።

«አንቺ፣ እስካሁን ተኝተሻል? ተነሽ! ፍርድ ቤቱ አገደልን!»

«ምኑን?»

«የጤና ጽሕፈት ቤቱን የባንክ ሂሳብ ነዋ! ጠበቃችን የጠየቀው እግድ ተፈቀደ። ፍርዳችን እስኪፈጸም ከሂሳቡ ሰባራ ሳንቲም አይወጣም ተባለ። ትእዛዙ ዛሬ ጠዋት ባንክ ደርሷል።»

ከአልጋዬ ዘለልኩ። እልል ልል አፌን ከፈትኩ።

«እልል እንዳትዪ» አለችኝ።

«ለምን?»

«ባንክ በር ላይ ነኝ። ዛሬ ደሞዝ ነበር።»

«እና?»

«ደሞዛችን የሚወጣው ከዚያው ሂሳብ ነው።»

አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጥኩ። በስልኩ ውስጥ ከኋላዋ የሰው ጫጫታ ይሰማኛል፤ ፋርማሲው ሲሳደብ ድምፁን ለየሁት።

«የሁላችንም?» አልኳት።

«የሁላችንም። ጽዳቷ ሳትቀር።»

«የአቶ ሞላልኝስ?»

«የእሱ መሥሪያ ቤት ሌላ፣ ሂሳቡም ሌላ። አሁን ደሞዙን አውጥቶ ሲወጣ አገኘሁት።»

«ምን አለሽ?»

«ስልኩን ኪሱ ከተተና፣ ዓይን ዓይኔን እያየ፣ ሁለት እጄን ጨበጠኝ» አለች እናትነሽ። «‹እንኳን ደስ አላችሁ› አለኝ።»